ሳትያጂት ሬይ፤ ብዙ ሙያ በአንድ ንድፍ

የሕንድ ፊልም ለኢትዮጵያ ተመልካች እንግዳ አይደለም። በአዲስ አበባም ሆነ በሌሎች ከተሞች ሲኒማ ቤቶች ለብዙ ዓመታት ሲታይ ኖሯል፤ የቃሉን ትርጉም ሳያውቅ ዜማውን ይዞ የሚያንጎራጉር ሰውም ጥቂት አልነበረም። ይሁን እንጂ በኢትዮጵያ የታወቀው የሕንድ ፊልም በአመዛኙ በቦምቤይ ከተማ የሚሠራው፣ ዘፈንና ጭፈራ፣ ፍቅርና ጠብ የተቀላቀለበት ነው። በዚያው አገር በምሥራቁ ክፍል፣ በካልካታ ከተማ፣ ፈጽሞ ሌላ ዓይነት ሲኒማ የሠራ ሰው ነበረ። ስሙ ሳትያጂት ሬይ ይባላል።

ሬይ ከ1955 እስከ 1991 ድረስ ከ30 በላይ ፊልሞችን ሠርቷል። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው።) ስለ ፊልሞቹ ውበት ብዙ ተጽፏል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን የሰውየውን የአሠራር ታሪክ መመርመር ነው። ፊልም እንደ ድልድይና እንደ ሕንጻ ሁሉ የብዙ ሰዎች ሥራ ነው። አንዱ ድርሰቱን ይጽፋል፤ ሌላው ተዋንያኑን ይመራል፤ ሌላው ካሜራውን ይይዛል፤ መብራቱን የሚያስተካክል፣ ቤቱን የሚሠራ፣ ልብሱን የሚመርጥ፣ ሙዚቃውን የሚደርስ፣ የተነሣውን ፊልም ቆርጦ የሚቀጥል ሁሉ የየራሱ ሙያ አለው። ሥራው እንዲህ የተከፋፈለው ያለ ምክንያት አይደለም፤ እያንዳንዱ ክፍል አንድን ሰው ዕድሜ ልኩን የሚያስተምር ስለሆነ ነው። ሬይ ግን እነዚህን ሙያዎች አንድ በአንድ ወደ ራሱ እጅ ሰበሰባቸው። ይህን ለምን አደረገ? ምን አተረፈበት? ምንስ ዋጋ አስከፈለው? ለማናቸውም የሙያ ሰው ጥያቄው እንግዳ አይሆንም።

የአታሚ ልጅ

ሳትያጂት ሬይ ሜይ 2 ቀን 1921 በካልካታ ተወለደ። ቤተሰቡ የጽሕፈትና የኅትመት ቤተሰብ ነበር። አያቱ ኡፔንድራኪሾር ሬይ ቾውድሪ ደራሲ፣ ሠዓሊ፣ ሙዚቀኛና አታሚ ነበር። በተለይ የደከመበት የፎቶግራፍ ኅትመት ነው። በዚያ ዘመን ፎቶግራፍ በመጽሐፍ ላይ እንዲታተም በጥቃቅን ነጠብጣቦች ተከፋፍሎ በብረት ሰሌዳ ላይ መቀረጽ ነበረበት፤ ነጠብጣቡ ሲተልቅ ጥላው ይጠቁራል፣ ሲያንስ ይሳሳል። ኡፔንድራኪሾር የነጠብጣቡን ስሌት በራሱ ምርምር አጥንቶ፣ ውጤቱን በእንግሊዝ አገር በሚታተም የኅትመት ባለሙያዎች ዓመታዊ መጽሔት ላይ ያወጣ ነበር። በ1913 ደግሞ «ሳንዴሽ» የተባለ የልጆች መጽሔት መሠረተ። ቃሉ በቤንጋልኛ ዜናም የጣፋጭ ምግብ ስምም ነው። ጽሑፉም፣ ሥዕሉም፣ ኅትመቱም ከአንድ ቤት ይወጣ ነበር።

የሳትያጂት አባት ሱኩማርም በዚያው መንገድ ተከተለ። በ1911 ወደ እንግሊዝ አገር ሄዶ በለንደንና በማንቸስተር የፎቶግራፍና የኅትመት ሙያ ተማረ፤ ተመልሶም በቤንጋል ልጆች ዘንድ እጅግ የተወደደ ግጥም ጸሐፊ ሆነ። ነገር ግን በኢትዮጵያ ቆላማ አካባቢዎችም በሚታወቀው በካላ አዛር በሽታ ተይዞ በ1923 በ35 ዓመቱ ሞተ። ያን ጊዜ ልጁ ሳትያጂት ሁለት ዓመት ተኩል እንኳ አልሞላውም ነበር። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ማተሚያ ቤቱ ከሰረ፤ ቤቱም ከቤተሰቡ እጅ ወጣ፤ እናቱ ልጇን ይዛ ወደ ወንድሟ ቤት ገባች።

ስለዚህ ልጁ የወረሰው ሀብት አልነበረም። የወረሰው አንድ ልማድ ነው፤ ይኸውም ጽሑፍንና ሥዕልን፣ ሙዚቃንና መሣሪያን እንደ አንድ ቤት ሥራ መቁጠር ነው። በካልካታ ፕሬዚደንሲ ኮሌጅ መጀመሪያ ሳይንስ፣ ቀጥሎም ኢኮኖሚክስ አጠና። ከ1940 እስከ 1942 ባለቅኔው ራቢንድራናት ታጎር በመሠረተው በሻንቲኒኬታን የሥዕል ትምህርት ተከታተለ፤ ትምህርቱን ግን አልፈጸመም። በ1943 በወር 80 ሩፒ ደመወዝ በአንድ የእንግሊዝ የማስታወቂያ ድርጅት ውስጥ ሠዓሊ ሆኖ ተቀጠረ። ጎን ለጎንም ለአንድ የካልካታ አሳታሚ የመጻሕፍት ሽፋን ይሥል ነበር። የጃዋሃርላል ኔህሩ መጽሐፍ «የሕንድ ግኝት» በ1946 ሲወጣ ሽፋኑ የሬይ ሥራ ነበር።

ሲኒማን ያጠናው በትምህርት ቤት አይደለም። በ1947 ከጓደኞቹ ጋር የካልካታን የፊልም ማኅበር አቋቋመ። ከዚህም ሌላ አንድ የግል መልመጃ ነበረው። አንድ ልብ ወለድ መጽሐፍ ፊልም ሊሆን ነው የሚል ዜና ሲሰማ የፊልሙን ድርሰት በራሱ ይጽፋል፤ ፊልሙ ተሠርቶ ሲታይ የእርሱን ሐሳብ ከተሠራው ጋር ያስተያያል። መልስ ያለው የሒሳብ መጽሐፍ እንደሚያጠና ተማሪ ማለት ነው። በ1950 ድርጅቱ ለሥራ ወደ ለንደን ሲልከው በጥቂት ወራት ውስጥ መቶ ያህል ፊልሞችን አየ። ከእነዚህ አንዱ የኢጣሊያው አዘጋጅ የቪቶርዮ ዴ ሲካ «የብስክሌት ሌቦች» ነበር። ይህ ፊልም በመንገድ ላይ፣ ተዋናይ ባልነበሩ ሰዎች፣ በጥቂት ገንዘብ የተሠራ ነው። ሬይ እርሱም እንዲሁ ሊሠራ እንደሚችል የተረዳው ያን ጊዜ ነው።

የእሑድ ሥራ

የመረጠው መጽሐፍ የቢቡቲቡሻን ባንዶፓድያይ «ፓተር ፓንቻሊ» ነበር፤ «የመንገዱ መዝሙር» እንደ ማለት ነው። በአንድ የቤንጋል መንደር የሚኖር የድኻ ቤተሰብ ታሪክ ነው። ሬይ ለመጽሐፉ የልጆች እትም ሥዕል የሠራ ስለሆነ ታሪኩን በዓይነ ሕሊናው ከዚያ በፊት አይቶታል። የተሟላ የፊልም ድርሰት ግን አልጻፈም። በምትኩ እያንዳንዱን ትዕይንት በተከታታይ ሥዕል በደብተር ላይ አሰፈረ፤ ይህን ደብተር ይዞ ከፊልም ነጋዴ ወደ ፊልም ነጋዴ ዞረ። ዘፈን የሌለው፣ የታወቀ ተዋናይ የማይታይበት፣ በእውነተኛ ዝናብና በእውነተኛ መንደር የሚሠራ ፊልም ገንዘብ ያስገኛል ብሎ ያመነ አንድም ነጋዴ አልተገኘም። ያ የሥዕል ደብተር በኋላ በፓሪስ ለሚገኘው የፈረንሳይ የሲኒማ ቤተ መዛግብት ተሰጥቷል።

ስለዚህ በራሱ ገንዘብ ጀመረ። የሕይወት ኢንሹራንሱን አስይዞ ተበደረ፤ የሙዚቃ ሸክላዎቹን ሸጠ፤ ሲብስም የሚስቱ ጌጣጌጥ ወለድ አገድ ተያዘ። ሥራውን አልለቀቀምና ቀረጻው የሚካሄደው በእረፍት ቀን ነበር። የካሜራው ባለሙያ ሱብራታ ሚትራ የ22 ዓመት ወጣት ሲሆን የፊልም ካሜራ ይዞ አያውቅም ነበር። ይህ ወጣት የፈረንሳዩ አዘጋጅ ዣን ረኗር ወደ ቤንጋል መጥቶ «ወንዙ» የተባለውን ፊልሙን ሲሠራ በቦታው እየተገኘ፣ መብራቱ የቱ ጋር እንደቆመና ካሜራው የት እንደነበረ በደብተር እየነደፈ ያጠና ነው። የቦታና የቤት ንድፍ ባለሙያው ባንሲ ቻንድራጉፕታም በዚያው ፊልም ላይ ረዳት ሆኖ ሠርቶ ነበር። ፊልም ቆርጦ በማቀናበር ልምድ የነበረው ዱላል ዱታ ብቻ ነበር ማለት ይቻላል።

የመጀመሪያው ቀረጻ በኦክቶበር 27 ቀን 1952 ተደረገ። ሁለቱ ሕፃናት፣ እኅትና ወንድም፣ ነጭ አበባ በሞላበት የሣር ሜዳ ውስጥ ሮጠው ባቡር የሚያዩበት ትዕይንት ነው። በዚያ ቀን ግማሹ ተነሣ። በሚቀጥለው ሳምንት ተመልሰው ሲመጡ ከብቶች አበባውን በልተው ጨርሰውት አገኙ። ትዕይንቱን ለመፈጸም አበባው እንደገና የሚያብብበትን የሚቀጥለውን ዓመት መጠበቅ ግድ ሆነ። እንዲህ ያለው ነገር በሥራ ቦታ ለዋለ ሰው አዲስ አይደለም፤ በፕላን ላይ ያልተጻፈ ከብት ሁልጊዜ አይጠፋም።

ገንዘቡ አልቆ ሥራው ለብዙ ወራት ቆመ። በመጨረሻ የምዕራብ ቤንጋል መንግሥት በዋና ሚኒስትሩ በዶክተር ቢዳን ቻንድራ ሮይ ውሳኔ ወጪውን ሸፈነ። የፊልሙ ስም «መንገድ» የሚል ቃል ስላለበት ገንዘቡ ከመንገድ ማሻሻያ ሒሳብ እንደ ወጣ ተደርጎ ተመዘገበ ይባላል። በዚህ ሁሉ ጊዜ ሦስት ነገሮች ሬይን ያስፈሩት ነበር፤ የወንዱ ልጅ ድምፅ ቢለወጥ፣ ልጅቷ አድጋ ብትገኝ፣ የአሮጊቷን ቦታ የያዙት የ80 ዓመቷ ተዋናይት ቹኒባላ ዴቪ ቢሞቱ ፊልሙ ይፈርስ ነበር። ሦስቱም አልሆኑም፤ ቹኒባላ ዴቪ ግን ፊልሙ ለሕዝብ ሳይታይ ዐረፉ።

ማጀቢያ ሙዚቃውን ታላቁ የሲታር ሊቅ ራቪ ሻንካር በአንድ ቀጠሮ፣ በ11 ሰዓት ያህል ጊዜ ውስጥ ደርሶ አስቀረጸው። ጊዜ አጥሮት ሄደና አንድ የጎደለ ክፍል ተገኘ፤ ጣፋጭ ሻጩ በመንደሩ ሲያልፍና ልጆቹ ሲከተሉት የሚሰማውን ሲታር የመታው የካሜራው ባለሙያ ሚትራ ነው። በዚህ ሥራ ላይ ከሙያው ድንበር የወጣው ሬይ ብቻ አልነበረም። ፊልሙ በሜይ 1955 በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ቤተ መዘክር፣ በኦገስት ወር ደግሞ በካልካታ ታየ። በ1956 በካን ከተማ በተደረገው የፊልም በዓል ላይ የምርጥ ሰብአዊ ሰነድነት ሽልማት ተሰጠው።

የጨርቅ ሰማይ

የሚቀጥለው ፊልም «አፓራጂቶ» የዚያኑ ልጅ ዕድገት ይከተላል። ከፊሉ ታሪክ የሚፈጸመው በቫራናሲ ከተማ ነው። የከተማይቱ አሮጌ ቤቶች በአራት በኩል በግድግዳ የተከበበ ጠባብ ግቢ አላቸው፤ ብርሃን የሚገባው ከላይ፣ ከሰማይ ብቻ ነው። ዝናብ እንዳያስተጓጉል ግቢው በካልካታ ስቱዲዮ ውስጥ እንዲሠራ ተወሰነ። ችግሩ እዚህ ላይ ተነሣ።

የስቱዲዮ መብራት እንደ ፀሐይ በቀጥታ የሚወርድ ብርሃን ነው፤ ስለት ያለው ጥላ ይጥላል። መብራቱ ሲበዛ ጥላውም ይበዛል። ከግቢ በላይ ያለ ሰማይ የሚሰጠው ብርሃን ግን ከአንድ ነጥብ የሚመጣ ሳይሆን ከሰፊ ገጽ የሚፈስስ ስለሆነ ጥላው ለስላሳ ነው፤ አንዳንዴም የለም። ሚትራና ቻንድራጉፕታ ይህን በስቱዲዮ ውስጥ ማስመሰል አይቻልም ብለው ከሬይ ጋር ተከራከሩ። ሬይ አልተቀበላቸውም። በዚህ ጊዜ ሚትራ ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጠረ፤ መብራቶቹንም ወደ ተዋንያኑ ሳይሆን ወደ ጨርቁ አዞራቸው። ብርሃኑ ጨርቁን መትቶ ተበትኖ ወረደ። ጨርቁ ሰማይ ሆነ። የስቱዲዮውን ግቢ ከእውነተኛው የቫራናሲ ግቢ ለመለየት ለተመልካች አስቸጋሪ ነው።

ይህ የአንጸባራቂ ብርሃን ዘዴ በሌላው ዓለም የፊልም ሥራ ውስጥ በሰፊው የተለመደው ከዚያ በኋላ ነው። በ1956 በካልካታ የተገኘው ውድ መሣሪያ ስለነበረ አይደለም፤ ጨርቅና ጥቂት መብራት ብቻ ነበር። የተገኘው የሚፈልገውን ነገር በትክክል የሚያውቅ አዘጋጅና እንዴት እንደሚሠራ የሚያውቅ ባለሙያ ተጣልተው ሳይለያዩ ስለተከራከሩ ነው። «አፓራጂቶ» በ1957 በቬኒስ የወርቅ አንበሳ ሽልማት አገኘ። ሦስተኛው ክፍል «አፑር ሳንሳር» በ1959 ወጣ።

ሙያዎቹ ወደ አንድ እጅ ሲመጡ

እስከዚህ ድረስ ሬይ ደራሲና አዘጋጅ ነው፤ የርዕሱን ጽሑፍና የማስታወቂያውን ሥዕል ደግሞ እንደ ቀድሞ ሙያው ራሱ ይሠራል። ከ1961 ወዲህ ግን ሌሎቹም ሙያዎች መምጣት ጀመሩ።

መጀመሪያ የመጣው ሙዚቃው ነው። ሬይ በመጀመሪያዎቹ ፊልሞቹ ከሦስት ታላላቅ የሕንድ ሙዚቀኞች ጋር ሠርቷል፤ ከራቪ ሻንካር፣ ከቪላያት ካንና ከአሊ አክባር ካን ጋር። ሦስቱም በመድረክ የሚጫወቱ፣ ዓለምን የሚዞሩ ሊቃውንት ነበሩ። የሕንድ ባህላዊ ሙዚቃ ቀስ በቀስ የሚዘረጋ፣ ጊዜ የሚፈልግ ነው፤ ፊልም ግን አርባ ሴኮንድ ለሚቆይ ትዕይንት የአርባ ሴኮንድ ሙዚቃ ይጠይቃል። ሊቁ የሙዚቃውን ሕግ ያስባል፤ አዘጋጁ የትዕይንቱን ርዝመት ያስባል። ሬይ ከልጅነቱ ጀምሮ የአውሮጳን ሙዚቃ በሸክላ እየሰማና ኖታውን እያነበበ ያደገ ስለነበረ፣ ከ1961 «ቲን ካንያ» ጀምሮ የፊልሞቹን ሙዚቃ በራሱ ደረሰ።

ቀጥሎ የመጣው ካሜራው ነው። መብራቱ በሚትራ እጅ ሆኖ ሳለ፣ ከ1960ዎቹ መጀመሪያ ወዲህ ሬይ ዓይኑን ራሱ ከካሜራው ላይ ማድረግ ጀመረ። ምክንያቱ ሁለት ነበር። አንደኛ፣ የምስሉ ድንበር የት እንደሚያልቅና ካሜራው መቼ እንደሚንቀሳቀስ በትክክል የሚታየው በካሜራው ዓይን ብቻ ነው። ሁለተኛው ምክንያት የተዋንያን ጠባይ ነው፤ አዘጋጁ ከካሜራው አጠገብ ቆሞ ሲያይ ተዋናዩ ከፊቱ ላይ ፍርድ ይፈልጋል። አዘጋጁ ከካሜራው ኋላ ሲሰወር ተዋናዩ ነጻ ይሆናል። የታጎርን ታሪክ ተከትሎ በ1964 የሠራው «ቻሩላታ» የዚህ አሠራር ፍሬ ነው። በዚህ ፊልም በበርሊን የምርጥ አዘጋጅነት ሽልማት ተሰጠው።

በ1961 ደግሞ የአያቱን መጽሔት «ሳንዴሽን» ከጓደኛው ጋር እንደገና አስነሣ። ለመጽሔቱ የሚሆን ጽሑፍ ስላስፈለገ ራሱ መጻፍ ጀመረ፤ ፌሉዳ የተባለው መርማሪና ፕሮፌሰር ሾንኩ የተባለው ሳይንቲስት የተወለዱት እዚያ ነው። የእነዚህ መጻሕፍት ገቢ ከፊልሙ ገቢ ይልቅ ኑሮውን ደግፎታል። የማተሚያ ፊደልም ይቀርጽ ነበር፤ ከቀረጻቸው የላቲን ፊደሎች ሁለቱ በ1971 በዓለም አቀፍ ውድድር ተሸልመዋል።

ቀዩ መዝገብ

ይህ ሁሉ ሥራ ሳይቀላቀል የተያዘው በአንድ መሣሪያ ነው። የቤንጋል ነጋዴዎች ለሒሳብ የሚጠቀሙበት በቀይ ጨርቅ የተለበጠ መዝገብ አለ። ሬይ ለእያንዳንዱ ፊልም አንድ እንዲህ ያለ መዝገብ ይይዝ ነበር። በውስጡ ንግግሩ ተጽፏል፤ በጎኑ እያንዳንዱ ምስል በትናንሽ ሥዕል ተነድፏል፤ የልብሱ ቅርጽ፣ የቤቱ ዕቃ፣ የካሜራው አቅጣጫ፣ የዜማው ሐሳብ ሁሉ በየገጹ ሰፍሯል። መሐንዲስ ይህን መዝገብ ቢያይ ምን እንደሆነ ለማወቅ አይቸግረውም፤ የተሟላ የሥራ ንድፍ ነው።

የንድፉ ጥቅም በገንዘቡ ላይ ይታይ ነበር። ጥሬ ፊልም ከውጭ የሚገባ ውድ ዕቃ ነው። ብዙ አዘጋጆች አንዱን ትዕይንት ከብዙ አቅጣጫ ደጋግመው ካነሡ በኋላ የሚሆነውን የሚመርጡት በማቀናበሪያው ጠረጴዛ ላይ ነው። ሬይ ግን ምስሉ የት ጀምሮ የት እንደሚቆረጥ ቀድሞ በመዝገቡ ላይ ስለወሰነ የሚያነሣው የሚያስፈልገውን ያህል ነበር። ዱላል ዱታ ከመጀመሪያው ፊልም እስከ መጨረሻው አብሮት የቆየ የማቀናበር ባለሙያ ነው፤ ወደ ጠረጴዛው የሚደርሰው ግን አስቀድሞ የታሰበ ሥራ ነበር። ስለዚህ የሬይ ብዙ ሙያ መያዝ የሀብታም ምኞት ሳይሆን የድኻ ብልሃት ነበር ማለት ይቻላል። ሰው ባነሰ፣ ገንዘብ በጠፋ ቦታ ስሕተት መሠራት ያለበት በወረቀት ላይ ነው፤ ወረቀት ርካሽ ነውና።

የዚህ ሁሉ ሙያ መገናኛ በ1969 የወጣው «ጉፒ ጋይኔ ባጋ ባይኔ» ነው። ታሪኩ የአያቱ የኡፔንድራኪሾር ነው፤ መንደራቸው ያባረራቸው አንድ ክፉ ዘፋኝና አንድ ክፉ ከበሮ መቺ ከመናፍስት ንጉሥ ሦስት ስጦታ ተቀብለው ጦርነትን በዘፈን ያስቆማሉ። ሬይ ድርሰቱን ጻፈ፣ ግጥሙንና ዜማውን ደረሰ፣ አልባሳቱን ነደፈ፣ ፊልሙንም አዘጋጀ። የመናፍስቱ ጭፈራ ከስድስት ደቂቃ በላይ የሚፈጅ ሲሆን መናፍስቱ በአራት ወገን ተከፍለው በደቡብ ሕንድ የምት መሣሪያዎች ይጨፍራሉ። ፊልሙን ሙሉ በሙሉ በቀለም ለመሥራት ገንዘብ አልበቃም፤ በዚህም ምክንያት ጥቁርና ነጭ ሆኖ ተሠርቶ የመጨረሻው ክፍል ብቻ በቀለም ሆነ። የካልካታ ልጆችም ወላጆችም ለወራት ሲኒማ ቤቱን ሞሉት።

ዋጋው

ሙያ ወደ አንድ እጅ ሲሰበሰብ ከሌላ እጅ ይወጣል። ሱብራታ ሚትራ ካሜራውን ካስረከበ በኋላ ለጥቂት ጊዜ መብራቱን ይዞ ቆየ። በ1966 የወጣው «ናያክ»፣ አብዛኛው ታሪኩ በባቡር ውስጥ የሚፈጸመው፣ የሁለቱ የመጨረሻ ሥራ ሆነ። የባቡሩን ክፍል ቻንድራጉፕታ በስቱዲዮ ውስጥ ሠራው፤ በመስኮቱ የሚያልፈው አገር ከኋላ በመጋረጃ ላይ የሚታይ ፊልም ነው። ከዚያ በኋላ የሚትራን ቦታ ረዳቱ የነበረው ሱሜንዱ ሮይ ተካው። ሱሜንዱ ሮይ ጥሩ ባለሙያ ነበር። ይሁን እንጂ ከሚትራ ጋር የነበረው ክርክር፣ «አይቻልም» የሚል ሰው «ይሆናል» ከሚል ሰው ጋር ተጋፍጦ አዲስ ዘዴ የሚወልድበት ያ ትግል፣ በዚያው መልክ አልተመለሰም። የሬይን የመጀመሪያ አሥር ዓመታት ከቀሩት ሁሉ የሚያስበልጡ ሰዎች አሉ፤ ለዚህ አንዱን ምክንያት እዚህ ላይ መፈለግ ስሕተት አይሆንም።

ሁለተኛው ዋጋ የተከፈለው በራሱ በሰውየው ጤና ነው። በ1983 የታጎርን «ጋሬ ባይሬ» በመሥራት ላይ ሳለ ልቡን ታመመ። ብዙ ሠራተኛ ባለበት ሥራ አንዱ ሲታመም ሌላው ይተካዋል፤ ደራሲውም፣ አዘጋጁም፣ ካሜራ ያዡም፣ ሙዚቀኛውም አንድ ሰው ከሆነ ግን ሁሉም በአንድ ቀን ይታመማሉ። ፊልሙ በልጁ በሳንዲፕ ረዳትነት በ1984 ተፈጸመ። ከዚያ ወዲያ ሬይ ለዓመታት ረጅም ፊልም አልሠራም። በ1989 ሲመለስ ሐኪሞቹ ከስቱዲዮ ውጭ እንዳይደክም ስለ ከለከሉት የኖርዌዩን ደራሲ የኢብሰንን «የሕዝብ ጠላት» ወደ ቤንጋል አምጥቶ በአብዛኛው በቤት ውስጥ ቀረጸው። ካሜራውንም ለልጁ አስረከበ። የመጨረሻ ፊልሙ «አጋንቱክ» በ1991 ተሠራ።

በማርች 1992 የአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ስለ ዕድሜ ልክ ሥራው የክብር ኦስካር ሲሰጠው ሬይ በካልካታ ሆስፒታል በአልጋ ላይ ነበር፤ ምስጋናውን ያቀረበው እዚያው ተቀርጾ በተላከ ምስል ነው። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ፣ በኤፕሪል 23 ቀን 1992፣ በ70 ዓመቱ ዐረፈ።

ከእሳት የተረፈው

ለዚያ የኦስካር ምሽት ከፊልሞቹ የተቀነጨቡ ትዕይንቶችን ማሳየት ሲፈለግ ጥራት ያለው ቅጂ ማግኘት አስቸገረ። በዚህ ምክንያት ዋናዎቹ ኔጋቲቮች ከሕንድ ወደ ለንደን ተልከው እንዲገለበጡ ተወሰነ። በጁላይ 1993 በለንደን የነበሩበት ላቦራቶሪ ተቃጠለ። «ፓተር ፓንቻሊ»፣ «አፓራጂቶ» እና «አፑር ሳንሳር» በእሳቱ ውስጥ ነበሩ። የተቃጠለው ጥቅል ግን አልተጣለም፤ በዚያን ጊዜ የሚያድነው ዘዴ ባይኖርም አካዳሚው በቤተ መዛግብቱ አኖረው።

ከ20 ዓመታት በኋላ ጥቅሎቹ በኢጣሊያ በቦሎኛ ከተማ በሚገኝ የፊልም እድሳት ላቦራቶሪ ተከፈቱ። ፊልሙ ደርቆ ተሰባሪ ሆኖ ነበርና በመጀመሪያ በፈሳሽ ውሕድ እርጥበቱ እንዲመለስ ተደረገ። ቀጥሎ ባለሙያዎች የቀለጠውን ሙጫ አነሡ፤ የተበላውን ጠርዝ ጠገኑ፤ ፊልሙ በማሽን ውስጥ የሚጎተትባቸውን የጎን ቀዳዳዎች አንድ በአንድ በእጅ መልሰው ሠሩ። የእጅ ሥራው ብቻ ወደ 1,000 ሰዓት ወሰደ። ከዚህ በኋላ ምስሉ በዲጂታል መሣሪያ ተነበበ። በዚህ ዘዴ ከ«ፓተር ፓንቻሊ» 40 በመቶ፣ ከ«አፓራጂቶ» ከ60 በመቶ በላይ የሚሆነው ከተቃጠለው ኔጋቲቭ ዳነ። የቀረው ክፍል፣ እንዲሁም «አፑር ሳንሳር» በሙሉ፣ በሌላ ቦታ ከተገኙ ጥሩ ቅጂዎች ተሟላ።

ሦስቱ ፊልሞች ታድሰው በሜይ 2015 በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ቤተ መዘክር ታዩ፤ «ፓተር ፓንቻሊ» ለመጀመሪያ ጊዜ ከታየበት 60 ዓመት በኋላ በዚያው ቤት መሆኑ ነው። በእነዚያ ፊልሞች መጀመሪያ ላይ የድርሰትና የአዘጋጅነት ስም የሳትያጂት ሬይ ነው፤ ሚትራ፣ ቻንድራጉፕታና ዱታም በየሙያቸው ተጠቅሰዋል። ቀዳዳውን በእጃቸው የጠገኑት የቦሎኛ ሠራተኞች የያዙት ንድፍ የሬይ አልነበረም፤ የያዙት የራሳቸውን ሙያ ብቻ ነው። ዛሬ በነጭ አበባ መካከል የሚሮጡት ሁለት ልጆች የሚታዩት፣ ከብቶች የበሉት ሜዳ እንደገና እስኪያብብ ዓመት በጠበቀው ሰው ትዕግሥትና ስማቸው በማይታወቅ በእነዚህ ሠራተኞች ጥንቃቄ ነው።